ሙሉ ዕድሜውን ለጥንት ግሪኮች ስለሰጠው ዣን-ፒየር ቬርናን የምታውቁ አላችሁ?

ናሆም 3ኛ ዓመት

ሰላም ለሁላችሁ። የፍልስፍና ተማሪ ነኝ፣ ሦስተኛ ዓመት። የመመረቂያ ጽሑፌን በጥንት ግሪኮች አስተሳሰብ ላይ ልሠራ አስቤ ርዕስ እየፈለግኩ ነው። ታዲያ ሳነብ አንድ ስም በየግርጌ ማስታወሻው ይመጣብኛል። ዣን-ፒየር ቬርናን የሚባል ፈረንሳዊ። ስለ ከተማ ሲወራ እሱ፣ ስለ ተረት ሲወራ እሱ፣ ስለ መሥዋዕት ሲወራ እሱ፣ ስለ ኤዲፐስ ሲወራም እሱ።

ትንሽ ጎግል ሳደርግ ደግሞ የባሰ ግራ ገባኝ። በሁለተኛው የዓለም ጦርነት ጊዜ በኅቡዕ ናዚዎችን የተዋጋ ኮሎኔል ነበር ይላል። ከዚያ የግሪክ ተረት ተመራማሪ። ሁለቱ እንዴት አንድ ሰው ውስጥ ገቡ?

እውነቱን ለመናገር የምጠይቀው ከራሴ ጉዳይ ተነስቼ ነው። ርዕሴን አንድ መምህር ሳማክር «ይሄ የፈረንጅ ጉዳይ ነው፣ አገር የሚጠቅም ነገር ፈልግ» አለኝ። ቤት ስሄድ አባቴም «ልጄ፣ የሞቱ ሰዎች ሐሳብ እንጀራ ይሆናል?» አለኝ። በክፋት አይደለም፣ ተጨንቆልኝ ነው። እኔም ሌሊቱን ሳሰላስል አደርኩ። ከ2500 ዓመት በፊት የኖሩ ሰዎችን ማጥናት ከዛሬው ዓለም መሸሽ ነው እንዴ? ሰውየውስ ያን ሁሉ ካየ በኋላ ሸሽቶ ነው ወደ ግሪክ የገባው?

ያነበባችሁ ካላችሁ ንገሩኝ። ከየት ልጀምር የሚለውንም ጨምሩልኝ። ፈረንሳይኛ አልችልም፣ የማነበው በእንግሊዝኛ ነው።

ፀሐይ ከቱሉዝ

ሰላም ናሆም። የምኖረው ቱሉዝ ነው፣ አሥራ አንድ ዓመት ሆነኝ። ሥራዬ አረጋውያንን ቤታቸው ሄዶ መንከባከብ ነው። ስለዚህ ሰው መጀመሪያ የሰማሁት ከመጽሐፍ ሳይሆን ከምጦራቸው አንዲት እናት ነው። «ኮሎኔል ቤርትዬ» እያሉ ያወራሉ። ማነው ስላቸው «ቬርናን ነዋ፣ የግሪኩ ሊቅ» አሉኝ። ከዚያ በኋላ ነው ማንበብ የጀመርኩት።

ዓመቶቹ በሙሉ በፈረንጆቹ ናቸው። የተወለደው በ1914 ፕሮቫን የምትባል ትንሽ ከተማ ነው። አባቱ በአንደኛው የዓለም ጦርነት በ1915 ሞተ። ልጁ ገና አባቱን ለይቶ አያውቀውም። እናቱንም በልጅነቱ አጣ። የቀረው ዣክ የሚባል ታላቅ ወንድሙ ነው። ሁለቱም ፍልስፍና ተማሩ። እዚህ አገር አግሬጋሲዮን የሚሉት የመምህራን ውድድር ፈተና አለ፣ በጣም ከባድ ነው። ዣክ በ1935 አንደኛ ወጣ። ዣን-ፒየር በ1937 እሱም አንደኛ።

በ1940 ፈረንሳይ ተሸነፈች። ወንድማማቾቹ ያኔ ናርቦን ነበሩ። «እንግሊዝ ትኑር፣ ፈረንሳይ እንድትኖር» የሚል ትንንሽ ወረቀት እየሠሩ ግድግዳ ላይ ይለጥፉ ነበር። አስበው፣ አገሩ ሁሉ አንገቱን ደፍቶ ሁለት ልጆች ሙጫ ይዘው ሲዞሩ። ከዚያ እዚህ ቱሉዝ ተመደበ፣ ፒየር ደ ፌርማ የሚባል ሊሴ (ሁለተኛ ደረጃ ትምህርት ቤት) ውስጥ የፍልስፍና መምህር ሆኖ። ቀን ያስተምራል፣ ከትምህርት ውጭ ባለው ሰዓት ኅቡዕ ሥራ ይሠራል። ከ1942 መጨረሻ ጀምሮ የዚህ አውራጃ የምሥጢር ጦር መሪ ሆነ። ቱሉዝ በኦገስት 1944 ነፃ ስትወጣ ኮሎኔሉ እሱ ነበር። ዕድሜው 30። ደጎል ለ1038 ሰዎች ብቻ የሰጠውን ከፍተኛውን የአርበኝነት ማዕረግ አግኝቷል።

ሊሴው አሁንም አለ። ወደ ሥራ ስሄድ በበሩ አልፋለሁ። እንደ ከተማው ሁሉ በቀይ ጡብ የተሠራ ነው። ልጆቹ ቦርሳቸውን በአንድ ትከሻ አንጠልጥለው እየተንጫጩ ይወጣሉ። ያኔም እንዲሁ ሲወጡ መምህራቸው ማታ የት እንደሚሄድ አያውቁም ነበር እላለሁ ለራሴ።

አሁን ወደ ጥያቄህ ልምጣ። ሸሽቶ ነው ወይ ላልከው፣ ለእኔ አይደለም። ምክንያቴም ይኸው። ኢኛስ ሜየርሰን ከሚባል የሥነ ልቦና ሊቅ ጋር ቅርበታቸው የጠነከረው በዚያው በጦርነቱ ዓመታት፣ እዚሁ ቱሉዝ ነው። ሜየርሰን ዋርሶ የተወለደ አይሁዳዊ ነው፣ በጊዜው በወጣው ፀረ አይሁድ ሕግ ከሥራ ተባሯል። የሰውየው ሐሳብ ምንድን ነው፣ የሰው አእምሮ ራሱ ታሪክ አለው። ማስታወስ፣ መፈለግ፣ «እኔ» ማለት፣ ሥራ የምንለው ነገር፣ እነዚህ በየዘመኑ አንድ ዓይነት አልነበሩም። ሊታወቁ የሚችሉት ደግሞ ሰዎች ትተውት ባለፉት ሥራ፣ በቋንቋቸው፣ በሕጋቸው፣ በጸሎታቸው ነው። የቬርናን የኋላ ሥራ ሁሉ ከዚህ ዘር የበቀለ ነው። በ1948 ማስተማሩን ትቶ ሙሉ በሙሉ ወደ ምርምር ሲገባ ጥያቄውን ከጦርነቱ ይዞት ነው የገባው።

የድሮ መምህር

ልጄ ናሆም፣ ጥያቄህ ደስ ብሎኛል። እኅታችን ፀሐይ ሕይወታቸውን በደንብ ነግራሃለች። እኔ አንዷን መጽሐፋቸውን ብቻ ልንገርህ።

28 ዓመት ታሪክ አስተምሬያለሁ። «ፍልስፍና በስድስተኛው ክፍለ ዘመን ቅድመ ልደተ ክርስቶስ ሚሌጦስ በምትባል የግሪኮች ከተማ በታሌስ ተጀመረ» ብዬ ሰሌዳ ላይ ስጽፍ ኖሬያለሁ። አንድ ቀን አንድ ልጅ እጁን አወጣና «ለምን እዚያ? ለምን ያኔ?» አለኝ። መልስ አልነበረኝም። «ግሪኮች ብልህ ስለሆኑ» ብዬ አለፍኩት። ያ መልስ ለብዙ ዓመት ከነከነኝ።

ቬርናን በ1962 ያሳተሙት ስለ ግሪክ አስተሳሰብ አመጣጥ የሚናገር ቀጭን መጽሐፍ አለ። በሁለት ቀን ታነበዋለህ። የሚነሳው ከዚያው ጥያቄ ነው። አስቀድሞ በ1952 ማይክል ቬንትሪስ የሚባል እንግሊዛዊ አርክቴክት ሊኒየር ቢ የሚባለውን የጥንት ግሪኮች ጽሕፈት ፈትቶ ነበር። የሸክላ ጽላቶቹ ሲነበቡ የተገኘው ግጥም አይደለም። የበግ ቁጥር፣ የዘይት ልክ፣ የነሐስ ሚዛን፣ የሠረገላ ዝርዝር ነው። ሁሉ ነገር ወደ ቤተ መንግሥት ይገባል፣ ከቤተ መንግሥት ይወጣል። አናክስ የሚባል ንጉሥ ከጸሐፊዎቹ ጋር መሐል ላይ ተቀምጧል። ይህ ዓለም በ1200 ቅድመ ልደተ ክርስቶስ ገደማ ፈረሰ። ጽሕፈቱም አብሮ ጠፋ።

ከብዙ መቶ ዓመታት በኋላ ከተሞች ሲነሡ ግን መሐሉ ተቀይሯል። ንጉሡ የለም። መሐሉ ክፍት ነው። ከጦርነት የመጣ ምርኮ የሚቀመጠው መሐል ነው፣ ከዚያ ይከፋፈላል። መናገር የሚፈልግ ሰው ወደ መሐል ይወጣል፣ በትሩን ይይዛል፣ ተናግሮ ይመልሳል። ሥልጣን የማንም የግል ንብረት እንዳይሆን «መሐል ተቀመጠ» ይላሉ። ሸንጎ የምታውቅ ሰው ከሆንክ ነገሩ ይታይሃል። ሕግም ተጽፎ ሁሉም የሚያየው ቦታ ይቆማል። ንግግር፣ ክርክር፣ ማስረጃ አቅርብ መባባል፣ ይሄ የዕለት ኑሮ ሆነ።

አሁን አናክሲማንድሮስን ተመልከት። እሱም የሚሌጦስ ፈላስፋ ነው። ምድር በምን ተደግፋ ቆመች? ከእሱ በፊት በውኃ ላይ ተንሳፋለች፣ ሥር አላት ይሉ ነበር። እሱ በምንም አልተደገፈችም አለ። መሐል ላይ ናት፣ ከዳር ሁሉ ርቀቷ እኩል ነው፣ ስለዚህ ወዲህ ወይም ወዲያ የምታዘነብልበት ምክንያት የላትም። ልብ በል። ማንም ላይ ያልተደገፈ፣ ለሁሉም እኩል የሆነ መሐል። ቬርናን የሚሉት፣ ይህን ሰማይ ሊስል የቻለው እንዲህ ባለ አደባባይ ያደገ ሰው ነው። ይህን ሳነብ ያ ተማሪዬ ትዝ አለኝ። መልሱን የማደርስበት አድራሻ ባገኝ ደስታዬ ነበር።

ለአባትህ አንድ ነገር ብታስረዳቸው እወዳለሁ። እኚህ ሰው ሲያስተምሩ የኖሩት ግሪኮች ከሰው ሁሉ ይበልጣሉ ብለው አይደለም። «የግሪክ ተአምር» የሚባለውን አባባል ነው ሲዋጉ የኖሩት። የራሳቸው መምህር ሉዊ ዠርኔም እንዲሁ ነበሩ። ብዙ ዓመት አልጀርስ ግሪክኛ አስተምረው በስተርጅና ፓሪስ ሲመጡ ሊሰማቸው የሚመጣ ሰው በጣት የሚቆጠር ነበር። ቬርናን ከነዚያ ከጥቂቶቹ አንዱ ናቸው። በ1964 የመሠረቱት የምርምር ማዕከል ኋላ በመምህራቸው ስም ተጠራ። ለመምህር ከዚህ የበለጠ ምን አለ።

ሰሎሞን ዲሲ

ከመምህር ጋር በአክብሮት በአንድ ነገር አልስማማም። ያ መሐል ለማን ነው ክፍት የነበረው? ለሴት አይደለም። ለባሪያ አይደለም። አቴና ውስጥ ተወልዶ ላደገ የውጭ ሰው ልጅም አይደለም። እኔ እዚህ አገር የሌሊት ታክሲ እየነዳሁ የተማርኩ ሰው ነኝ፣ «ሁሉም እኩል» የሚል ጽሑፍ ሳይ መጀመሪያ የምጠይቀው ማን ውጭ ቀረ የሚለውን ነው።

ሁለተኛ፣ ባቢሎን የት ሄደች? ከዋክብትን በቁጥር ሲመዘግቡ የኖሩት እነሱ ናቸው። ዋልተር ቡርከርት የሚባል የግሪክ ሃይማኖት ሊቅ ግሪኮች ከምሥራቅ የወሰዱትን ብዙ ነገር አሳይቷል፣ ተረት፣ ሥርዓት፣ የእጅ ሙያ። ሁሉ ነገር ከአደባባይ ወጣ ማለት ትንሽ የተጣጣፈ ይመስለኛል። ናሆም፣ ስታነብ ይሄንንም ያዝ።

የድሮ መምህር

ወንድሜ ሰሎሞን፣ ትክክል ብለሃል፣ አልከራከርህም። ቡርከርትን ማንበብ ይገባዋል። ቬርናንም የባቢሎንን የሰማይ መዝገብ አልካዱም። የእሳቸው ነጥብ ባቢሎናውያን በቁጥር ያሰሉትን ግሪኮች በክብና በርቀት ሣሉት የሚል ነው። ስለ ሴትና ስለ ባሪያ ያልከው ግን ከባዱ ነው። እኩልነት የሚለው ቃል የተወለደው ጥቂቶች መካከል ነው፣ ይሄ ሐቅ ነው። ተማሪው ይህን ካልጻፈ ጽሑፉ ጎዶሎ ይሆናል።

ሚሚ ዘቅኔ

እኔ የመጣሁት በሌላ በር ነው፣ በተረቱ። ናሆምዬ፣ ሁለት ሦስት ነገር ልንገርህና ራስህ ፍረድ።

መጀመሪያ ኤዲፐስ፣ ሳያውቅ አባቱን ገድሎ እናቱን ያገባው የግሪክ ቴአትር ንጉሥ። የሥነ ልቦና ሊቁ ፍሮይድ ምን አለ፣ ይህ ቴአትር ሁላችንንም የሚነካን ሁላችንም በልጅነታችን እናታችንን ተመኝተን አባታችንን ስለጠላን ነው አለ። ቬርናን በ1967 መልስ ጻፈ። መልሱ በጣም ቀላል ነው፣ ቴአትሩን አንብቡት ነው የሚለው። ኤዲፐስ ያደገው ቆሮንቶስ ነው። እናቴ የሚላት ሜሮፔን ነው። ያቀፈችው፣ ያሳደገችው እሷ ናት። አባቱን እንደሚገድል፣ እናቱን እንደሚያገባ ትንቢት ሲሰማ የሸሸው ከእነሱ ነው። የወለደችውን ዮካስታን ሲያገባት ለእሱ የማያውቃት የቴቤስ ንግሥት ናት። የልጅነት ምኞት ካለ በሜሮፔ ላይ መታየት ነበረበት፣ በእሷ ላይ ደግሞ ምንም የለም። ታዲያ ቴአትሩ ስለምንድን ነው? አቴና ውስጥ ፍርድ ቤት አዲስ ነገር ነበር። ጥፋት የማን ነው፣ አውቆ ያጠፋና ሳያውቅ ያጠፋ እኩል ነው ወይ፣ ገና የሚያከራክር ነበር። ከተማዋ የድሮ ጀግኖቿን መድረክ ላይ አውጥታ ራሷን ትጠይቃለች። ይህን የግሪክ ትራጀዲ ሥራ ከፒየር ቪዳል-ናኬ ጋር ነው የገፋበት። ቪዳል-ናኬ ወላጆቹ አውሽቪትዝ ያለቁ ሰው ነው። ኋላ ፈረንሳይ አልጄሪያ ውስጥ የምትፈጽመውን ግርፋት በአደባባይ ያጋለጠም እሱ ነው። ቬርናንም በ1960 ያንን ጦርነት የተቃወሙ 121 ሰዎች የፈረሙት መግለጫ ላይ ስሙ አለ። ሸሽቶ ነው ወይ ላልከው ይሄንንም ጨምርበት።

ሁለተኛው ሜቲስ የሚባለው ነገር ነው። በ1974 ከማርሴል ዴቲየን ጋር ጻፉት። እኛ ብልሃት የምንለው ነው፣ ብልጠት አይደለም፣ ወይም ብልጠትም አለበት። ኦክቶፐስ ድንጋዩን መስሎ ይጠብቃል። ቀበሮ የሞተች መስላ ትተኛለች። ዓሣ አጥማጅ፣ የመርከብ መሪ፣ ሐኪም፣ ሁሉም የሚሠሩት በዚህ ነው፣ በሚቀያየር ነገር ላይ በቅጽበት በሚወሰን ዕውቀት። ኢሊያድ በሚባለው የሆሜር የጦርነት ግጥም ውስጥ የሠረገላ ውድድር አለ። አንቲሎኮስ የሚባለው ወጣት ፈረሶቹ ደካማ ናቸው። አባቱ ኔስቶር ይመክረዋል፣ እንጨት ፈላጭ በጉልበት አይደለም በሜቲስ ነው የሚበልጠው ይለዋል። ልጁ ምን አደረገ፣ ጎርፍ የሸረሸረው ጠባብ መንገድ ላይ ሲደርሱ ፍጥነቱን ጨምሮ ተፎካካሪው ምኒላዎስ ላይ ገፋ፣ ምኒላዎስ ሠረገላው እንዳይገለበጥ ፈርቶ ልጓሙን ሳበ። የቬርናንና የዴቲየን ጥያቄ፣ ግሪኮች ሲኖሩበት የነበረውን ይህን ዕውቀት ፈላስፎቹ ለምን ከመጽሐፋቸው አስወጡት የሚል ነው። ፕላቶን ለማይለወጥ እውነት ብቻ ቦታ ስለሰጠ ነው ይላሉ። ይሄን ሳነብ እናቴ ትዝ አለችኝ። እንጀራው የሚወጣበትን ቅጽበት በአክንባሎው ዳር በሚያመልጠው እንፋሎት ታውቃለች፣ ሰዓት አይታ አታውቅም፣ እንዴት አወቅሽ ስትላት መልስ የላትም።

ሦስተኛው እኛን በስም የሚነካ ነው። በ1979 በወጣው ስለ መሥዋዕት ምግብ የተጻፈ መጽሐፍ ውስጥ ቬርናን ስለ ፀሐይ አገሮች አበላል የጻፈው አለ። የግሪኩ ታሪክ ጸሐፊ ሄሮዶቱስ የሚተርከውን የኢትዮጵያውያን «የፀሐይ ገበታ» ኦዲሲ በሚባለው ግጥም ውስጥ ካለው ከኦዲሴዩስ ሰዎች ታሪክ ጋር አጠገብ ለአጠገብ አስቀምጦ ያነበዋል። ገበታው ምንድን ነው፣ ከከተማው ውጭ ሜዳ ላይ የተቀቀለ ሥጋ ሞልቶ ይገኛል፣ ሌሊት ሹሞቹ ያስቀምጡታል፣ ቀን የፈለገ ሁሉ ሄዶ ይበላል። ሕዝቡ ግን ምድር ራሷ ናት የምትሰጠን ይላል። የፋርሱ ንጉሥ ካምቢሰስ ሰላዮች በስጦታ አስመስሎ ይልካል። የኢትዮጵያው ንጉሥ የወርቁን ሐብል አይቶ እስር ቤት የሚታሰርበት ሰንሰለት መሰለውና «የእኛው ሰንሰለት ከዚህ ይጠነክራል» ይላል። ስንዴ እንደሚበሉ ሲነግሩት ደግሞ ፋንድያ የሚበላ ሰው ቶሎ ቢሞት አይገርመኝም አለ። ካምቢሰስ ተናዶ ስንቅ ሳይዝ ዘመተ። ሠራዊቱ መንገድ ላይ ሣር እስኪበላ ደረሰ። በረሃው ውስጥ ሲገቡ ከየአሥሩ ሰው አንዱን በዕጣ እያወጡ ተበላሉ። የኦዲሴዩስ ሰዎች ደግሞ የፀሐይን ከብቶች አርደው በልተው ሁሉም አለቁ። ባንድ በኩል ሳይለፋ የሚበላ ሕዝብ፣ በሌላ በኩል የማይገባውን የሚበላ ሰው። የሚበላው ምግብ የሰውየውን ማንነት ይነግርሃል።

ሄሮዶቱስ «ኢትዮጵያ» የሚለው ግን ዛሬ ካርታ ላይ ያለችውን አገራችንን ብቻ አይደለም። ከግብፅ በስተደቡብ እስከ ዓለም ዳርቻ ያለውን ጥቁር ሕዝብ ነው። ይሄን ሳትጽፍ እንዳታልፍ፣ ብዙ ሰው እዚህ ላይ ይሳሳታል።

ናሆም 3ኛ ዓመት

እግዜር ይስጥልኝ፣ ከልቤ ነው። ይሄን ሁሉ ስልኬ ላይ እየገለበጥኩ ደብተሬ ላይ ጻፍኩት።

ፀሐይ፣ አንድ ጥያቄ። አንድ ቦታ ላይ «ውብ ሞት» የሚል ነገር ጽፏል ሲባል አነበብኩ። ጦርነት ያየ ሰው እንዴት ሞትን ውብ ይላል? እኔ የታላቅ እህቴን ልጅ ቀብሬአለሁ፣ በሃያ ዓመቱ። ቃሉ አልዋጥልህ አለኝ።

ፀሐይ ከቱሉዝ

ናሆም፣ እግዚአብሔር ያጽናችሁ። ነፍሱን ይማር።

ቃሉ የእሱ አይደለም፣ የግሪኮቹ ነው። እሱ ያደረገው ምን ማለታቸው እንደሆነ መመርመር ነው። የኢሊያዱ ጀግና አኪሌስ ሁለት ምርጫ ነበረው፣ ቤቱ ተመልሶ ሸምግሎ ስሙ ሳይነሳ መሞት፣ ወይም በወጣትነቱ ሞቶ ሲዘፈንለት መኖር። ለእነሱ ሞት ሁለት ነው። አንዱ ከሰው አፍ መጥፋት ነው፣ ትክክለኛው ሞት እሱ ነው። በወጣትነቱ በጦር ሜዳ የወደቀ ሰው ግን በግጥሙ ውስጥ ወጣት እንደሆነ ይቀራል፣ አያረጅም። ስለዚህ ነው አኪሌስ ጠላቱን ሄክቶርን ገድሎ ያልበቃው። ሬሳውን በሠረገላ የጎተተው ያንን ውበት ሊያጠፋው፣ ማንም እንዳያውቀው ሊያደርገው ነው። አማልክቱ ደግሞ ሬሳው እንዳይበላሽ ይጠብቁታል።

ይሄ ብቻ ቢሆን እኔም ቃሉ ያሳምመኝ ነበር። ግን ቬርናን ኦዲሲን አጠገቡ ያስቀምጣል። እዚያ ኦዲሴዩስ ሙታን አገር ሲወርድ አኪሌስን ያገኘዋል። አንተ እዚህም ንጉሥ ነህ ይለዋል። አኪሌስ ምን መለሰ፣ በሙታን ሁሉ ላይ ከምነግሥ የድሀ ሰው ቅጥረኛ ሆኜ ምድር ላይ ብኖር ይሻለኝ ነበር አለ። ያ ሁሉ ክብር አለ፣ ይሄም አለ። አንዱ ሌላውን አይሰርዘውም።

በስተርጅናው ደግሞ ወደ ኋላ ዞሮ ሲያስበው፣ ስለ አኪሌስ ሲጽፍ ከኋላው የቆሙት የጦርነቱ ጓዶቹ እንደነበሩ ተናግሯል። ተይዘው ያልተመለሱ ወጣቶች አሉ። ከአርባ ዓመት በላይ ሳያወራቸው ኖሮ በግሪክኛ ሲያወራቸው ነበር ማለት ነው። ይህን ካነበብኩ በኋላ የምጦራቸውን እናት ስለዚያ ዘመን መጠየቅ ተውኩ። ራሳቸው ሲጀምሩ ብቻ እሰማለሁ።

ሀብታሙ ከኬል

ሰላም ቤተሰብ። ዘግይቼ ነው ያየሁት። የምኖረው ጀርመን ጠረፍ ላይ ኬል በምትባል ከተማ ነው፣ የምሠራው ወንዙን ተሻግሬ ስትራስቡርግ ፈረንሳይ። ቬርናንን በጭራሽ አላውቀውም ነበር፣ ያወቅኩት ከተማዎቹን በሚያገናኘው ድልድይ ምክንያት ነው። እዚያ የሱ ጽሑፍ አለ። ለአውሮፓ ምክር ቤት ብሎ የጻፈው ነው።

አማርኛ ሳደርገው ሐሳቡ እንዲህ ነው። ውስጥ የሚባል ነገር እንዲኖር ወደ ውጭ መከፈት አለበት። ድልድይ መሻገር፣ ወንዝ መሻገር፣ ድንበር መሻገር፣ የለመድከውን ቤትህን ትተህ ቦታ ላይኖርህ ወደሚችልበት መግባት ነው። ራስህን ሆነህ ለመኖር ግን ያ ያስፈልግሃል። እኔ ብዙ ድንበር ተሻግሬ ነው እዚህ የደረስኩት፣ በሱዳን፣ በሊቢያ፣ በባሕር። ጽሑፉን መጀመሪያ ያነበብኩ ቀን ትራሙን ትቼ በእግሬ ነው ወደ ቤቴ የሄድኩት።

ከዚያ ፈልጌ ሐሳቡ የመጣበትን ጽሑፉን አገኘሁ። በ1963 የጻፈው ነው፣ ስለ ሄስቲያና ሄርሜስ። ኦሊምፒያ ላይ ፊዲያስ በሠራው የዜውስ ሐውልት መሠረት ላይ አሥራ ሁለት አማልክት ሁለት ሁለት ሆነው ተቀርጸው ነበር። የሚበዙት ባልና ሚስት ወይም ወንድምና እህት ናቸው። ሄስቲያና ሄርሜስ ግን ባልና ሚስትም፣ ወንድምና እህትም አይደሉም። ለምን አንድ ላይ ሆኑ? ሄስቲያ ምድጃ ናት፣ ቤት መሐል ላይ የተተከለች፣ የማትንቀሳቀስ። ሄርሜስ የበርና የመንገድ ነው፣ የመንገደኛ፣ የነጋዴ፣ የሌባም። አንዷ ያለ ሌላው ትርጉም የላትም። ሙሽራ ስትመጣ ወደ ባሏ ምድጃ ትወሰዳለች። ሕፃን ሲወለድ በምድጃው ዙሪያ እየሮጡ ያዞሩታል፣ የቤቱ ልጅ ይሆናል። እንግዳም ሲመጣ የሚቀመጠው ምድጃው ዘንድ ነው። እኛ ሰው ሲያገባ ሦስት ጉልቻ መሠረተ እንላለን፣ ስለዚህ ማንም ሳያስረዳኝ ገባኝ። በ2020 በኮሮና ጊዜ ድንበሩ ተዘግቶ ፖሊስ ድልድዩ ጫፍ ቆሞ ሳይ ያ ጽሑፍ መሐል ላይ ማንም የማያነበው ሆኖ መቅረቱ አንጀቴን በላው።

ከየት ልጀምር ላልከው፣ ከከባዱ አትጀምር። በ1999 የወጣ የተረት መጽሐፍ አለው፣ ስለ ዓለም፣ ስለ አማልክትና ስለ ሰዎች። በዕረፍት ጊዜ ለልጅ ልጁ ማታ ማታ ሲተርክለት የነበረውን ነው የጻፈው። እንግሊዝኛው አለ። ከዚያ መምህር ያሉትን የ1962ቱን ቀጭን መጽሐፍ፣ ከዚያ የሄስቲያ ጽሑፍ ያለበትን የ1965ቱን።

አንድ ነገር ልጨምር። ሰውየው ከ1975 እስከ 1984 ኮሌዥ ደ ፍራንስ ያስተማረ ሰው ነው፣ በአገራቸው ከዚያ በላይ ወንበር የለም። ግን በኦክቶበር 2006፣ በ92 ዓመቱ፣ ኦቤርቪሊዬ ወደሚገኝ ሊሴ ሄዶ ስለ ኦዲሲ ተናገረ። ኦቤርቪሊዬ ከፓሪስ ዳር ያለች የሠራተኛና የስደተኛ ሰፈር ናት። ተማሪዎቹ ከየአገሩ የመጡ ሰዎች ልጆች ናቸው። ቤቱ ለመመለስ አሥር ዓመት የተንከራተተ ሰው ታሪክ ለነሱ ነው ያወራላቸው። በጃንዋሪ 2007 አረፈ።

ናሆም 3ኛ ዓመት

ሀብታሙ፣ ይሄን አንብቤ ብዙ ዝም አልኩ። ርዕሴን ወስኛለሁ። «መሐል» የሚለውን ነው የምሠራው፣ አናክሲማንድሮስንና አደባባዩን፣ የሰሎሞንን ጥያቄ ደግሞ አንድ ሙሉ ምዕራፍ እሰጠዋለሁ፣ ማን ውጭ ቀረ የሚለውን። መምህሬን ሰኞ አገኘዋለሁ።

ለአባቴ ደግሞ ዛሬ ማታ የፀሐይ ገበታውን ላነብለት ነው። ሚሚ፣ ሄሮዶቱስ የትኛው ላይ ነው?

ሚሚ ዘቅኔ

ሦስተኛው መጽሐፍ፣ ከ17 እስከ 25። ቀስቱ ጋ ስትደርስ ቀስ ብለህ አንብብላቸው። ንጉሡ ለካምቢሰስ ቀስት ይልክለታል፣ ፋርሶች ይህን የሚያህል ቀስት በቀላሉ መሳብ ሲችሉ ያን ጊዜ ይምጡብን ብሎ።